ዝናብ የጨመርኩበት ጦር

ጦሩ የአባቴ ነው። ዝናብ የጨመርኩበት እኔ ነኝ።

ይህን አስቀድሜ የምጽፈው፣ ኋላ ላይ ሰዎች ሲጠይቁኝ በዚህ ቅደም ተከተል መመለስ ስላቃተኝ ነው። ከጦሩ ስጀምር ዝናቡን እረሳዋለሁ፤ ከዝናቡ ስጀምር ደግሞ ጦሩ የማን እንደሆነ ሳልናገር ይቀራል። ሰው ፊት ቆሞ መናገር አይሆንልኝም።

አባቴ ባሮ ላይ ዓሣ ይወጋ ነበር። ጦሩ ከሰው ቁመት የሚያልፍ እንጨት ነው፤ ጫፉ ላይ ጠባብ ብረት አለው። እንጨቱ ከመሃሉ ዝቅ ብሎ ተሰንጥቋል፣ ስንጥቁን አባቴ በመዳብ ሽቦ ጠምጥሞ አስሮታል። ከሽቦው ከፍ ብሎ አንዲት ሰማያዊ ዶቃ ታስራበታለች። ዶቃዋን ያሰረችለት ታላቅ እህቱ፣ አክስቴ ናት፤ ለጥሎሽ ከመጡላት ዶቃዎች አንዷን ፈትታ። ዓሣ እንዲቀናው ብላ አይደለም። ታንኳ ውስጥ የሰው ሁሉ ጦር ተደባልቆ ስለሚጋደም የራሱን እንዲለይበት ነው። አክስቴ ያለ ምክንያት ክር እንኳ አትቋጥርም።

እኔ ገና ልጅ ሳለሁ አባቴ ድንበር ተሻግሮ ወደ ደቡብ ሱዳን ዘመዶቹ ሄደ። ጦሩን ለአክስቴ ትቶላት፣ «ጦሬን ትቼ የት እቀራለሁ» አለ ይባላል። ሲል አልሰማሁም። አልተመለሰም። ሞተ ብሎ የነገረን የለም፤ አለ ብሎም የነገረን የለም። እናቴ ቀደም ብላ ስላረፈች ያሳደገችኝ አክስቴ ነበረች፣ ከኢታንግ ወጣ ብሎ ወንዙ ዳር ባለችው ጎጆዋ። ጦሩ ከጣሪያው ስር አግድም ተሰቅሎ ነበር። በየዓመቱ በጋ ሲገባ ታወርደዋለች፣ ብረቱን በዓሣ ስብ ታብሰዋለች፣ መልሳ ትሰቅለዋለች። ለምን እንደምታደርገው ስጠይቃት፣ «ብረት ይዝጋል» ትለኛለች። ሌላ አትጨምርም።

አንደኛ ክፍል የገባሁት እኩዮቼ ልጆቻቸውን አንደኛ ክፍል በሚያስመዘግቡበት ዕድሜ ነው፤ ጋምቤላ ከተማ፣ በማታው ትምህርት። አማርኛን ከፊደሉ ጋር አንድ ላይ ተማርኩ ማለት ይቻላል፤ ከዚያ በፊት የማውቀው የገበያውን አማርኛ ነበር። ከደጋ የመጡ አንድ የአማርኛ መምህር ድርሰት ጻፉ ሲሉን፣ እኔ በረዶ ስለለበሰ ተራራ ጻፍኩ። ከአንድ መጽሐፍ ላይ አግኝቼው ቃሉ አምሮኝ ነበር። መምህሩ ደብተሬን ሲመልሱልኝ ዳር ላይ በቀይ፣ «የት አየሽው?» ብለው ጽፈው ነበር። አፈርኩ። ከክፍል ስንወጣ ግን ጠሩኝ። «መፍጠር ነውር አይደለም» አሉኝ። «ግን የፈጠርሽውን ነገር በዓይንሽ ባየሽው ነገር ላይ እሰሪው። አለዚያ ይበራል።»

ምክራቸውን ከመጠን በላይ ያዝኩት።

ዛሬ የምሠራው በአንድ ትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ነው። ሁሉም «ቲቸር» ይሉኛል እንጂ አላስተምርም፤ መጻሕፍት አውጥቼ እመልሳለሁ፣ የተገነጠለ ገጽ እለጥፋለሁ። ከሰዓት በኋላ ሙቀቱ ተማሪውን ሁሉ ወደ ኒም ዛፎቹ ጥላ ሲነዳው ደብተሬን አወጣለሁ። የምጽፈው ስለ አንድ የሌለ አገር ነበር። ዘጠኝ ወንዞች ያሉት አገር ነው፤ የላይኛው ንጉሥ የታችኛውን ሕዝብ የሚወጋው በወታደር አይደለም። አንድ ጦር አለው። ጫፉን ወደ ሰማይ አድርጎ መሬት ላይ ሲተክለው ደመናው ይቀደዳል፣ ውኃውም ቁልቁል ሄዶ በታችኞቹ ላይ ይወርዳል። ጫፉን ወደ መሬት ሲተክለው ደግሞ ሰማዩ ይደፈናል፣ ዘር መሬት ውስጥ ተቀብሮ ይቀራል። ውኃው አንዴ ከወረደ ግን ጦሩን መገልበጥ አይመልሰውም፤ አንድ ሕግ አበጀሁለት፦ የከፈተው እጅ አይዘጋውም። ማን፣ በምን እንደሚዘጋው ግን አልወሰንኩም ነበር። ዘጠነኛው ምዕራፍ ላይ ደርሼ እዚያው ቆምኩ።

ሐሳቡ የመጣልኝ ከሌላ አይደለም። ልጅ ሆኜ፣ እኛ ጋ አንዲት ጠብታ ሳትወርድ፣ ሰማዩ ጥርት ብሎ እያለ፣ ባሮ በጠራራ ፀሐይ ሲነሳ አይቻለሁ። ውኃው ጎህ ሲቀድ ከበቆሎው ግርጌ ነበር፤ ፀሐይዋ አናታችን ላይ ስትደርስ ወገቡ ላይ ደረሰ። «ማን ላከው?» ብዬ አክስቴን ጠየቅኳት። «ደጋ ዘንቧል» አለችኝ። ደጋን አይቼው አላውቅም ነበር። የማላየው ሰው የማላየው ቦታ ሆኖ በእኛ ላይ አንድ ነገር እንደሚለቅብን አድርጌ ያዝኩት። የላይኛው ንጉሥ የተወለደው ያን ቀን ነው። መሣሪያ ሲያስፈልገው፣ በዓይኔ ያየሁት ጦር አንድ ብቻ ስለነበር፣ ያንኑ ሰጠሁት፤ ከነስንጥቁ፣ ከነሽቦው፣ ከነሰማያዊ ዶቃዋ።

በሚያዝያ ትምህርት ቤቱ የንባብ ሳምንት አዘጋጀ። ርእሰ መምህሩ ደብተሬን አይተውት ኖሮ፣ «ቲቸር፣ ዘንድሮ የሰው መጽሐፍ አታንብቢልን፤ የራስሽን» አሉኝ። እምቢ ማለት አልቻልኩም። ልብ ወለድ መሆኑን አስቀድሜ ተናግሬ ሦስተኛውን ምዕራፍ በአማርኛ አነበብኩ። ትንንሾቹ ስላልገባቸው በእኛ ቋንቋ ድገሚላቸው ተባልኩ። ደገምኩት። ልብ ወለድ ነው ማለቱን ግን አልደገምኩትም፤ አንድ ጊዜ ብያለሁ ብዬ።

ከመምህራኑ አንዷ በስልኳ ቀድታው ነበር። የቀዳችው ሁለተኛውን፣ በእኛ ቋንቋ የደገምኩትን ነው፤ ከስልክ ወደ ስልክም ተላለፈ።

ባደግሁበት መንደር ተረት እንስሳ አለው። ጥንቸል ይናገራል፣ አዞ ያገባል፣ ሰሚው ከመጀመሪያው ቃል ጀምሮ የት እንዳለ ያውቃል። ሰው ብቻ ያለበት፣ ዕቃው በምልክቱ የሚነገር ነገር ግን ሌላ ነው። እንዲያ የሚነገረው ሽማግሌዎች ፊት ነው፤ ታንኳ ጠፍቶ ሲገኝ ባለቤቱ ቆሞ፣ «ከግራ ጎኑ ተሰንጥቆ በሙጫ ተደፍኗል፣ አፍንጫው ላይ የእሳት ጠባሳ አለው» ሲል። ምልክቱን የዘረዘረ እውነተኛ ነው፤ ታንኳውንም ይዞ ይሄዳል። እኔ በዚያ ቀረጻ ውስጥ ምልክቱን አንድም ሳላስቀር ዘርዝሬዋለሁ። ከማውቀው ዕቃ ጋር የማውቀውን አነጋገር ይዤ ገባሁ፤ ሳላስበው።

አክስቴ ደወለች። የሰው ስልክ ተውሳ ነው የምትደውለው፣ ስለዚህም ትጮኻለች።

«አንቺ ልጅ! ጦሬ ዝናብ ያዘንባል አሉ። ለእኔ ሳትነግሪኝ?»

«ማን አለ?»

«አንቺ ነሽ ያልሽው! በጆሮዬ ሰማሁሽ። ድምፅሽ አምሯል፣ ጉንፋንሽ ለቀቀሽ ማለት ነው።» ሳቀች። «ይሄን ሁሉ ዘመን ውኃ ከወንዝ በጀሪካን ስሸከም እላዬ ላይ ተሰቅሎ ዝም ይበለኝ? ይሄ ሰነፍ!»

እኔም ሳቅሁ። ያን ቀን የሚያስቅ ነገር ነበር።

ግንቦት ገባ፤ አልዘነበም። ግንቦት አለቀ፤ ሰኔም ያለ ጠብታ ወደ ማብቂያው ደረሰ። መሬቱ ተሰነጠቀ፣ ሁለት ጊዜ የዘሩም ነበሩ። አክስቴ እንደገና ስትደውል አልጮኸችም። «ሰዎች እየመጡ ነው» አለችኝ። «ምን ይዘው?» አልኳት። «ዶሮ» አለችኝ።

ቅዳሜ ወደ ኢታንግ በሚሄድ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ከጎኔ ኩሌ የስደተኞች መጠለያ በአስተርጓሚነት የምትሠራ ወጣት ሴት ተቀመጠች፤ ከፊታችን አንድ የደጋ ነጋዴ ሁለት ካርቶን ሳሙና አቅፈው። መንገዱ ላይ አቧራው መስኮቱን ሲሸፍነው ልጅቷ ስልኳን አወጣች፣ የእኔም ድምፅ በመኪናው ውስጥ መናገር ጀመረ።

«ምንድን ነው የምትለው?» አሉ ነጋዴው።

ልጅቷ ተረጎመችላቸው፣ አሳምራ። ከእኔ አማርኛ የተሻለ ነበር።

«አሃ! እና ይሄ ጦር የት ነው ያለው?»

«እዚሁ ኢታንግ ማዶ። አንዲት አሮጊት ጋ።»

«ታዲያ ምን ትጠብቃለች? ትትከለዋ!»

«በጫፉ ነው በእጀታው የሚለው ላይ ተጣልተዋል አሉ፣ ጋሼ። ከተሳሳቱ ጭራሽ ይደፈናል።»

«በሉ እንግዲህ ሳትሳሳቱ» አሉና ሳሙናቸውን ወደ ደረታቸው ሳቡት። «ግን ሲያዘንብ ይንገሩን፣ ይሄ ካርቶን ከረጠበ እኔ ነኝ የምታጠበው።»

መኪናው በሙሉ ሳቀ። ልጅቷ ወደ እኔ ዞር አለችና፣ «እህቴ፣ አንቺ ታምኛለሽ?» አለችኝ። ያቺ ድምፅ የእኔ ናት ማለት ነበረብኝ። አራት ቃል ነው። አፌን ከፈትኩ፤ «አላውቅም» የሚል ወጣልኝ። እሷም ድምፄን አላወቀችውም፤ ሰው ፊት ስናገር ድምፄ እንዲህ ያንሳል።

አክስቴ ከጎጆዋ በር ላይ ሰሌን አንጥፋ ተቀምጣ ነበር። ከጎኗ እግራቸው የታሰረ ሁለት ዶሮዎችና አንድ ቅል ማሽላ። «መልሺላቸው እንጂ» አልኳት። «ስመልስ አነሰብሽ ወይ ይሉኛል» አለች። የምትስቅ መስሎኝ ነበር። አልሳቀችም። ከኋላዋ፣ ምሰሶው ላይ፣ የመዘምራን ልብሷ ተሰቅሏል፦ ነጩ ቀሚስና ሰማያዊው ሻሽ። ቅዳሜ ከሰዓት ልምምድ ነው። አክስቴ ከመዘምራኑ አንጋፋዋ ናት፤ ከወባ በቀር ከልምምድ ያስቀራት ነገር አላውቅም።

«ዛሬ አትሄጂም?»

«አግደውኛል።»

በማግሥቱ እሑድ፣ ከጸሎት በኋላ፣ ማንጎው ስር የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች ጋ ቀረብኩ። ወንጌላዊው በዕድሜ ከእኔ ያንሳሉ፤ ሰው ሲናገር አያቋርጡም። ዋናው ሽማግሌ ግን ልጅ ሆኜ የሚያውቁኝ ሰው ናቸው። ሌሊቱን ሙሉ ሳጠናው ያደርኩትን ተናገርኩ፦ የጻፍኩት ልብ ወለድ ነው፣ አገሩ የለም፣ ንጉሡ የለም፣ ጦሩ የአባቴ የዓሣ ጦር ነው።

ሽማግሌው አዳመጡኝና፣ «ልጄ፣ ጻፍሽው ወይስ አልጻፍሽውም?» አሉ።

«ጻፍኩት። ግን ፈጠራ ነው።»

«ሽቦውን ፈጠርሽው?»

«አይ፣ ሽቦው አለ።»

«ዶቃዋን?»

«እሷም አለች።»

«ስንጥቁንስ?»

«አለ።»

«እንግዲህ ከአራት ነገር ሦስቱ እውነት ከሆነ፣ በአራተኛው ላይ ስትደርሺ ለምን ትዋሻለሽ? የተማርሽ ሰው ነሽ። ስንት ዓመት የተማርሽው ለዚህ ነው?»

«የፈጠርሽውን ባየሽው ላይ እሰሪው» ያሉኝን መምህር ልጠራ አልችል።

ወንጌላዊው በለዘብታ ገቡ። «እህቴ፣ እኛ ዝናብ ያዘንባል አላልንም። ዝናብ የማን እንደሆነ እናውቃለን። ነገር ግን ሕዝቡ ዶሮ ይዞ እየሄደ ነው። ጦሩ እዚያ እስካለ ድረስ ይሄዳል። ታቃጥለው፤ በዚያው ቀን ወደ መዘምራኑ ትመለሳለች፣ ወደ ጌታ ራትም።» ክፋት የለባቸውም። እኔ በእሳቸው ቦታ ብሆን ምናልባት ይህንኑ እል ነበር። ከዚህ የከፋው ነገር ደግሞ ያልተነገረው ነው፤ በዚያ መንደር የታገደ ሰው ሲሞት የሚዘምርለት የለም። አክስቴ ስንቱን ዘምራ ሸኝታለች።

ተመልሼ ለአክስቴ ነገርኳት። «ለምን እውነቱን አትነግሪያቸውም? ለምን እንዳስቀመጥሽው?»

«ምን ብዬ?»

«ወንድሜ እስኪመጣ ብለሽ።»

«ስንት ዓመት ሆነው ይሉኛላ» አለች። «ቁጭ ብዬ ልቆጥርላቸው ነው?»

ስለ አባቴ ያን ያህል ቃል ስትናገር ስሰማ የመጀመሪያዬ ነበር። ከዚያ ዶሮዎቹን ፈትታ ጥሬ በተነችላቸው።

አንድ መላ ታየኝ። ጦሩን እኔ ጋምቤላ ይዤው ልሂድ። ከእሷ ቤት ከወጣ ቤተ ክርስቲያኑ እገዳውን ያነሳላታል፤ ካልተቃጠለ ደግሞ አባቴ... እዚህ ላይ ሐሳቤን አልጨረስኩትም። አክስቴ እሺ አለች። በሰሌን ጠቅልለን፣ ጫፉን በጨርቅ ሸፍነን፣ ሰኞ ጠዋት መኪና መንገድ ዳር አደረስነው።

ሴቶቹ ቀድመውን ደርሰው ነበር። ማን እንደነገራቸው አላውቅም። የመጡት ሊቀሙን አልነበረም፤ ማንም እጁን አላነሳብንም። ሚኒባሱ ሲመጣ በቃ መንገዱ ላይ ተቀመጡ፤ እግራቸውን ዘርግተው፣ ልጆቻቸውን አዝለው። ከፊት የተቀመጡት የአክስቴ ጎረቤት ናቸው፤ እኔን ባሮ ውስጥ ዋና ያስተማሩኝ ሴት።

«ልጄ» አሉኝ፣ «ለከተማ ዝናብ ምን ያደርግላችኋል? እናንተ ጭቃ ነው የምታማርሩት። ጣሪያችሁም ቆርቆሮ ነው፣ ሲዘንብ እንኳ ይጮህባችኋል።»

«እናቴ፣ ይሄ ዓሣ መውጊያ ነው። ያውቁታል እኮ! የአባቴ ነው።»

«አውቀዋለሁ። ስንት ዓሣ በልቼበታለሁ። ዝናብ እንዳለበት ግን አንቺ ነሽ የነገርሽን።» ድምፃቸው ቁጣ አልነበረበትም። «አንዴ ዘራሁ፣ ደረቀ። ሁለተኛ ዘራሁ፣ ወፍ ለቀመው። የቀረኝ ዘር በእፍኝ ነው። አስቀምጪልኝ በቃ። እስክዘራው ብቻ።»

ሾፌሩ ጥሩንባ ነፋ፣ ተሳደበ፣ ወርዶ ለመነ፣ ተሳፋሪው ወርዶ ሳቀ፣ ከዚያ ተቆጣ። ሰሌኑን ተሸክሜ ቆሜ ነበር። እቤት ሆኜ ብጽፈው ኖሮ ለእያንዳንዳቸው የሚሆን ዓረፍተ ነገር አገኝ ነበር። እዚያ መንገድ ላይ ግን አንዱን ባስረዳ ሌላው እንደሚሰበር ገባኝ፦ ዝናብ የለበትም ብላቸው የቀራቸውን ተስፋ እወስድባቸዋለሁ፤ አለበት ብል አክስቴን እቀብራታለሁ። ሰሌኑን ይዤ ወደ ጎጆው ዞርኩ። ጦሩን መልሰን ሰቀልነው። ሚኒባሱ ያለ እኔ ሄደ።

በዚያው ሳምንት፣ እኔ ሥራዬ ላይ ሳለሁ፣ አክስቴ ለሽማግሌዎቹ መልእክት ላከች፤ ለሴቶቹም። ለእኔ በመጨረሻ ደወለችልኝ። «እሑድ ነይ» ብቻ አለችኝ።

ስደርስ ብረቱን በዓሣ ስብ እያበሰች ነበር። ወቅቱ አልነበረም፤ በጋ ሲገባ ነው የምታብሰው። ከጫፉ ብረቱን ከእንጨቱ እስከሚያስረው ጅማት፣ ከጅማቱ እስከ ጫፉ፣ ጨርቁን እያገላበጠች አበሰችው። ነጩን ቀሚስ ለብሳለች። ሻሹን አላሰረችም፤ የመዘምራን መለያው እሱ ነዋ፣ ሽማግሌዎቹ ወስደውባታል።

«ልታቃጥይው ነው?»

«እሳት አይሆንም» አለች። «እሳት ውስጥ የት ይሄዳል?»

ዳርቻው በሰው ተሞልቶ ነበር። ወንጌላዊውና ሽማግሌዎቹ በአንድ ወገን፣ ጎረቤታችንና ሴቶቹ በሌላው። አክስቴ እስከ ጉልበቷ ድረስ ወደ ወንዙ ገባች። ተከትያት ገባሁ። ቀሚሷ ውኃው ላይ ተነፋ። ዶቃዋን አየኋትና በጆሮዋ፣ «እሷን እንኳ ፍቺያት እንጂ፤ የራስሽ ናት» አልኳት።

«ተያት» አለችኝ። «የራሱን በምን ይለያል?»

ወረወረችው። የሴት አወራወር አልነበረም፤ አባቴ ሲወጋ አይታ የያዘችው መሆን አለበት። ትንሽ ቆሞ ተንሳፈፈ፣ ከዚያ ብረቱ ወደ ታች ሳበው፣ የእንጨቱ ጫፍ አንዴ ብቅ አለና ወደ ምዕራብ ተጎተተ። ከዚያ ውኃ ብቻ ሆነ። በስተኋላችን መዝሙር ተጀመረ። ሴቶቹ አልዘመሩም። ሽማግሌው ሻሹን ይዘው እስከ ውኃው አፍ መጡና በሁለት እጃቸው ሰጧት። አሰረችው፤ ወጥታ ከመዘምራኑ መሃል ቆመች። ስትዘምር አፏን አየሁት። ይንቀሳቀሳል፤ ድምፅዋን ግን አልሰማሁትም።

በሦስተኛው ቀን ዘነበ።

መዝነቡ አይቀርም ነበር፤ ሐምሌ ነው። ይህን የማምን እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም። ቤተ ክርስቲያኑ ጣዖቱ ስለወጣ ሰማይ ተከፈተ አለ። ሴቶቹ ደግሞ ጦሩ ውኃ ገባ፣ አሁን የፈለገውን ያህል ይጠጣል አሉ። ጎረቤታችን የቀራቸውን እፍኝ ዘር ዘሩት፤ በቀለላቸውም። ስልክ ተውሰው ደውለው መረቁኝ። ምርቃቱን የምቀበለው በምን እንደሆነ ሳላውቅ አሜን አልኩ።

ነሐሴ ላይ ደጋውም ዘነበ። ባሮ ተነሳ። በቆሎው ገና ጉልበት ሳይደርስ ውኃው ደረሰበት፤ ከዚያ የከብቶች ማሰሪያው፣ ከዚያ የአክስቴ በር። ሰው ወደ ከፍታው ወጣ። አክስቴን በጀልባ አወጧትና እኔ ጋ ጋምቤላ መጣች፣ ልብሷን በፌስታል ይዛ። ጎረቤታችን አልመጡም፤ ከልጆቻቸው ጋር ከፍታው ላይ በሸራ ስር ናቸው።

ይደውሉልኛል። ሰላምታ አያበዙም። «ቲቸር» ይሉኛል፤ ከዚያ በፊት ልጄ ነበር የሚሉኝ። «መዝጊያው ምንድን ነው? እዚያ ድምፅ ላይ የለም። የከፈተው እጅ አይዘጋውም ትያለሽና ዝም ትያለሽ።»

«አልጻፍኩትም» እላቸዋለሁ።

«ታዲያ ጻፊው!» ይላሉ። «ወረቀት አጣሽ?»

ትናንት ከሰዓት በኋላ በረንዳው ላይ ደብተሬን አወጣሁ። ዘጠነኛው ምዕራፍ፣ ባዶው ገጽ። ሕፃናት አዝለው ሸራ ስር ላሉት አንድ ዓረፍተ ነገር ምን ይጎዳል አልኩ። እጽፈዋለሁ፣ ደውዬ አነብላቸዋለሁ፤ ውኃው በመስከረም ይጎድላል፣ ከዚያ ይተኛሉ። ግን ወንዝ ሲዘጋ አላየሁም። ሲጎድል አይቻለሁ፤ ጊዜው ሲደርስ፣ ማንም ሳያዘው። እሱን ደግሞ መዝጊያ ብሎ መጻፍ አይቻልም። ብዕሩን ይዤ ተቀመጥኩ።

አክስቴ ከአጠገቤ ሰሌን ላይ ሆና ታየኛለች። ማንበብ አትችልም፤ ገጹ ባዶ መሆኑን ግን ታያለች። ጣሪያው ይጮሃል።

«እንዲህ ሲሞላ» አለችኝ፣ «ከሥሩ የሰመጠ ብረት ያነሳል?»

«አላውቅም።»

«ዛፍ ከነሥሩ ይዞ ሲሄድ አይቻለሁ።»

«እሱማ ያነሳል ይሆናል።»

«ወደ ድንበሩ ነው የሚሄደው። አባትሽ ወደ ሄደበት።»

ይህች ሴት አንድ ቀን እንኳ በጦሩ አላመነችም። ዶሮዎቹን ፈትታ ጥሬ በትናላቸዋለች፣ ጦሩን ሰነፍ ብላ ሰድባዋለች። እጇን ዘረጋችና ደብተሬን፣ ባዶውን ገጽ፣ በመዳፏ ሸፈነችው።

«የሚጠይቁሽን ጻፊላቸው፣ ምስኪኖች ናቸው» አለች። «ግን ዛሬ አትዝጊው። ድንበሩን ይለፍ።»

ስልኩ ጠራ። የጎረቤታችን ቁጥር ነበር። የሚዘጋ ምንም ነገር እንደሌለኝ እያወቅሁ ብዕሩን አስቀመጥኩት።